ጥጡ 45 በመቶ ሆኖ ሳለ ጨርቁ ለምን የጥጥ አይባልም?

ጥያቄው ባጭሩ፦ አንድ አስመጪ ድርጅት ሁለት ዓይነት ዕቃ አስገብቷል። የመጀመሪያው 45 በመቶ ጥጥ፣ 30 በመቶ አጭር የፖሊስተር ፋይበርና 25 በመቶ ረጅም የናይለን ክር ያለበት፣ በካሬ ሜትር 185 ግራም የሚመዝን የተሸመነ ጨርቅ ነው። ሁለተኛው ከፍሊስ (ለስላሳ፣ ፀጉራም የሹራብ ሥራ ጨርቅ) የተሠራ፣ እጅጌ ያለውና ከጀርባው ክፍት የሆነ ብርድ ልብስ ነው። ድርጅቱ ጨርቁን በጥጥ፣ ሌላውን በብርድ ልብስ የታሪፍ ቁጥር አስመዘገበ። ጉምሩክ ግን ጨርቁን ወደ ሰው ሠራሽ ፋይበር፣ ብርድ ልብሱን ወደ ልብስ አዛውሮ የቀረጥ ልዩነት ጠየቀ። ጠያቂው «ነገሩ ፍርድ ቤት ቢደርስ ዳኞች የታሪፍ ሕጉን የሚተረጉሙት እንዴት ነው? የነጋዴው ስያሜ፣ የሻጩ ደረሰኝና የዕቃው አገልግሎትስ ምን ያህል ክብደት አላቸው?» ብለዋል።

ጠያቂያችን፣ ከመነሻው ግልጽ ልሁን። በጨርቁ ጉዳይ ክርክሩን ያሸንፋሉ ብዬ አላምንም፤ በብርድ ልብሱ ጉዳይ ግን ችሎት ፊት የሚቆም ጥሩ ክርክር አለዎት። ሁለቱ ግምቶች ተቃራኒ ቢመስሉም የመነጩት ከአንድ የአተረጓጎም ዘዴ ነው፤ ስለዚህ ዘዴውን በራስዎ ዕቃዎች ላይ እያሳየሁ እሄዳለሁ። የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

አብዛኞቹ አገሮች ዕቃ የሚመድቡት በ1983 በብራሰልስ በተፈረመውና በ1988 ሥራ ላይ በዋለው፣ ሐርሞናይዝድ ሲስተም በሚባለው ዓለም አቀፍ ስምምነት ነው። ዛሬ ከ200 በላይ አገሮችና የጉምሩክ ግዛቶች ይጠቀሙበታል። የቀረጡ መጠን የየአገሩ ቢሆንም እስከ ስድስተኛው አኃዝ ድረስ ቁጥሩም ቃሉም አንድ ስለሆነ፣ የአንዱ አገር ፍርድ ቤት የሌላው ውሳኔ ባያስገድደውም እንኳ ሊያነበው ምክንያት አለው። እኔም ከዚህ በታች ከተለያዩ አገሮች ውሳኔዎችን የምጠቅሰው በዚሁ ምክንያት ነው።

ፍርድ ቤቶች የምደባ ክርክርን ለሁለት ይከፍሉታል። በታሪፉ ላይ የተጻፈው ቃል ምን ማለት ነው የሚለው የሕግ ጥያቄ ነው፤ የገባው ዕቃ በባሕርዩ ምንድን ነው የሚለው ደግሞ የፍሬ ነገር ጥያቄ ነው። የደቡብ አፍሪካ ይግባኝ ሰሚ ፍርድ ቤት በ1985 አይቢኤም ተከራካሪ በነበረበት መዝገብ ይህንኑ በሦስት እርከን አስቀምጦታል፦ በቅድሚያ የአንቀጾቹን (ዕቃ በቁጥር የሚመደብባቸውን የታሪፍ መስመሮች) እና የማስታወሻዎቹን (ከታሪፉ ጋር በሕግነት የተያያዙትን ማብራሪያዎች) ቃላት ትርጉም መለየት፣ ቀጥሎ የዕቃውን ባሕርይ መመርመር፣ በመጨረሻም ይበልጥ የሚስማማውን አንቀጽ መምረጥ። ቅደም ተከተሉ ቀላል ይመስላል፤ አስመጪዎች ግን ብዙ ጊዜ የሚጀምሩት ከመጨረሻው ነው። ዝቅተኛ ቀረጥ ያለበትን ቁጥር አስቀድመው ይመርጡና ዕቃቸውን ወደዚያ ሊገፉት ይሞክራሉ። ዳኛ ይህን ለመረዳት ጊዜ አይፈጅበትም።

የትርጉም ሥራው መነሻ ከስድስቱ ጠቅላላ የአተረጓጎም ደንቦች የመጀመሪያው ነው። ደንቡ የክፍሎችና የምዕራፎች ርዕስ ለማመልከቻነት ብቻ የተቀመጠ መሆኑን፣ ምደባ በሕግ ደረጃ የሚወሰነው በአንቀጾቹ ቃልና በክፍሉ ወይም በምዕራፉ ማስታወሻዎች መሆኑን ይናገራል። በጨርቃጨርቅ ዘርፍ ይህ ዓረፍተ ነገር ከሌላው ዘርፍ ሁሉ የበለጠ ክብደት አለው። ምክንያቱም ከምዕራፍ 50 እስከ 63 የሚዘልቀው ክፍል 11 ለትርጉም የሚተወው ነገር ጥቂት ነው፤ ሕጉ ራሱ ሚዛን፣ ማስመሪያና ማጉያ መነጽር ይዞ የመጣ ያህል ነው። የሹራብ ሥራ ልብስ ከሸሚዝ አንቀጽ ውጭ የሚሆነው በየአቅጣጫው በአንድ ሴንቲ ሜትር በአማካይ ከ10 ያነሰ ጥልፍልፍ ሲኖረው ነው፤ ቆጠራውም ቢያንስ 10 በ10 ሴንቲ ሜትር በሆነ ቦታ ላይ ይደረጋል። የሕፃን ልብስ የሚባለው ቁመቱ ከ86 ሴንቲ ሜትር ለማይበልጥ ልጅ የተሠራው ነው። ፊት ለፊት የሚቆለፍ ልብስ ግራው በቀኙ ላይ ከተደረበ የወንድ፣ ቀኙ በግራው ላይ ከተደረበ የሴት ይባላል፤ አሠራሩ ለሌላኛው ጾታ መሰፋቱን በግልጽ ካላሳየ በስተቀር። ለወንድ ይሁን ለሴት መሆኑ የማይለይ ልብስ ወደ ሴቶች አንቀጽ ይሄዳል። ሕግ አውጪው ይህን ያህል ከዘረዘረ በኋላ ፍርድ ቤት «በተለምዶ ግን እንዲህ ይባላል» የሚል ክርክር የሚሰማበት ቦታ በጣም ጠባብ ነው።

አሁን ጨርቅዎን እንየው። ጥጡ 45 በመቶ ነው፤ ፖሊስተሩ 30፣ ናይለኑ 25። ከሦስቱ ትልቁ ድርሻ የጥጥ ነው። የክፍል 11 ሁለተኛ ማስታወሻም የተቀላቀለ ጨርቅ በክብደት ከሌሎቹ ከእያንዳንዳቸው በበለጠው ፋይበር እንዲመደብ ያዛል። እርስዎ እዚህ ላይ ቆመዋል፤ ብዙ ሰውም እዚህ ላይ ነው የሚቆመው። ነገር ግን ማስታወሻው ይቀጥላል። ረጅም ሰው ሠራሽ ክሮች ያሉበት ምዕራፍ 54 እና አጫጭር ሰው ሠራሽ ፋይበሮች ያሉበት ምዕራፍ 55 ሁለቱም ከሌላ ምዕራፍ ጋር በአንድ ጨርቅ ላይ ሲገናኙ፣ ሁለቱ እንደ አንድ ምዕራፍ ይቆጠራሉ ይላል። 30 እና 25 ሲደመሩ 55 ይሆናሉ፤ 55 ደግሞ ከ45 ይበልጣል። ጨርቁ በዚህች አንዲት ድምር ከጥጥ ምዕራፍ ወጣ። ከዚያ በኋላ በ54 እና በ55 መካከል የሚመርጠው ክብደት ነውና፣ አጭሩ ፖሊስተር ከረጅሙ ናይለን ስለሚበልጥ ምዕራፍ 55 ያሸንፋል።

ክብደቱም ጉዳዩን ያከብደዋል። በጥጥ ምዕራፍ መስመሩ የተሰመረው በካሬ ሜትር 200 ግራም ላይ ስለሆነ 185 ግራም የሚመዝነው ጨርቅዎ ከቀላሉ ወገን ይሆን ነበር። በምዕራፍ 55 ዋና ተቀላቃዩ ጥጥ ለሆነ የሲንቴቲክ ጨርቅ መስመሩ 170 ግራም ነው፤ ስለዚህ ያው ጨርቅ እዚያ ከከባዱ ወገን ገብቶ በአንቀጽ 55.14 ይወድቃል። ጨርቁ አንድ ግራም አልጨመረም፤ የተለወጠው የሚለካበት መስመር ነው።

ይህ ለነጋዴ ኢፍትሐዊ ሆኖ ሊሰማው እንደሚችል አውቃለሁ። ገዢዎ «የጥጥ ጨርቅ» ብሎ ይጠራዋል፤ ሻጭዎ በደረሰኙ ላይ እንዲሁ ጽፎታል፤ ሲዳሰስም ጥጥ ጥጥ ይላል። ነገር ግን ፍርድ ቤት የተለመደ ትርጉም የሚፈልገው ሕጉ ትርጉም ሳይሰጥ ዝም ባለበት ቦታ ነው። እዚህ ሕጉ ዝም አላለም። በጨርቁ ላይ ሊከራከሩ የሚችሉት በአኃዙ ብቻ ነው፦ ናሙናው የተወሰደው ከየትኛው ጥቅል ነው? መቶኛው የተሰላው በሕጉ እንደታዘዘው በክብደት ነው? ናይለኑ በእርግጥ ረጅም ክር ነው? ላብራቶሪው የጥጡ ድርሻ 51 በመቶ ነው ካለ ነገሩ ሁሉ ይገለበጣል። አጭርና ረጅም የመሆኑ ክርክር ግን ብቻውን አይጠቅምዎትም፤ ናይለኑም አጭር ፋይበር ቢሆን ሁለቱ በአንድ ምዕራፍ ውስጥ 55 በመቶ ሆነው ይገናኛሉና።

ሕጉ ዳኛውን በዓይንና በጣት እንዲመረምር የሚያደርግበት ቦታም አለ። በፕላስቲክ የተቀባ ወይም የተነከረ ጨርቅ በአንቀጽ 59.03 የሚመደበው ቅቡ በዓይን ሲታይ ነው፤ በመቀባቱ ምክንያት የመጣ የቀለም ለውጥ ግን አይቆጠርም። ጨርቁን ይዘው ወደ መስኮት ይቅረቡ፤ የድሩና የማጉ መሻገሪያ ላይ ክፍተቶቹ በስስ ልባስ ተሞልተው ከታዩ ቅብ አለ ማለት ነው፤ የሚታየው ድርና ማግ ብቻ ከሆነ፣ ውሃ የማያሳልፍ ቢሆን እንኳ፣ ለታሪፉ ያልተቀባ ጨርቅ ነው። ሌላው ፈተና ደግሞ ጨርቁን ከ15 እስከ 30 ዲግሪ ሴንቲ ግሬድ ባለ ሙቀት 7 ሚሊ ሜትር ስፋት ባለው፣ ማለትም የእርሳስ ያህል በሚወፍር ዘንግ ላይ በእጅ መጠቅለል ነው። ሳይሰበር የማይጠቀለል ከሆነ ከ59.03 ወጥቶ እንደ ልማዱ ወደ ፕላስቲክ ምዕራፍ ይሄዳል። የላብራቶሪ ሰነድ በሞላበት ክርክር ሕጉ ራሱ ዓይንን መስፈርት ማድረጉን እወደዋለሁ፤ ማስረጃው ማንም ሊያየው በሚችልበት ቦታ ይቀመጣልና።

ወደ ብርድ ልብሱ ስንመጣ ሁኔታው ይለወጣል። «ብርድ ልብስ» እና «ልብስ» የሚሉትን ቃላት ማስታወሻዎቹ አይተረጉሟቸውም፤ ስለዚህ ፍርድ ቤቱ ወደ ተራው ትርጉምና ወደ ንግዱ አጠራር ይዞራል። መዝገበ ቃላት ይገለጣል፣ ግን በልክ ነው። የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ቲማቲም ለታሪፍ አትክልት ነው ባለበት በ1893ቱ የኒክስ እና ሄደን መዝገብ፣ መዝገበ ቃላት የፍርድ ቤቱን ትውስታና ግንዛቤ የሚያግዝ እንጂ ማስረጃ አይደለም ብሏል። የሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤትም በ1978 በአንድ የሽያጭ ግብር ክርክር፣ የወረቀት ፋብሪካ ማሽን ላይ የሚገጠም የማድረቂያ ጨርቅ «ጨርቃጨርቅ» ነው ወይ ተብሎ ሲጠየቅ፣ የቃሉን ሥረ መሠረት እስከ ላቲኑ «መሸመን» ድረስ ተከትሎ አዎ ብሏል። በማሽን ላይ መዋሉ ጨርቅነቱን አላስቀረውም።

የነጋዴው ስያሜ ከተራው ትርጉም የሚቀድምበት ጊዜ ቢኖርም መስፈርቱ ከፍ ያለ ነው። ስያሜው በመላው ዘርፍ የታወቀ፣ ወጥና ሕጉ ሲወጣ የነበረ መሆኑን በምስክር ማሳየት ያስፈልጋል። የአንድ ሻጭ ደረሰኝ ይህን አይሞላም። ደረሰኝ ሻጩ ዕቃውን ምን ብሎ እንደጠራው ያሳያል፤ ዕቃው ምን እንደሆነ አይወስንም።

ለጉዳይዎ በጣም የሚቀርበው ውሳኔ የአሜሪካ ዓለም አቀፍ ንግድ ፍርድ ቤት በ2017 ስነጊ በሚል የንግድ ስም ስለሚሸጥ ዕቃ የሰጠው ነው። ዕቃው እንደ እርስዎ ሁሉ እጅጌ ያለው፣ ከጀርባው የሚከፈትና ማያያዣ የሌለው የፍሊስ ሥራ ነበር። ጉምሩክ በልብስነት 14.9 በመቶ ሲያስከፍል፣ አስመጪው ብርድ ልብስ ነውና 8.5 በመቶ ይገባኛል አለ። ክርክሩ ከ«ልብስ» መጀመር ነበረበት፤ ምክንያቱም ብርድ ልብስ ያለበት የምዕራፍ 63 የመጀመሪያው ንዑስ ምዕራፍ ከምዕራፍ 56 እስከ 62 የተመደበን ዕቃ እንደማይቀበል በማስታወሻው ተጽፏል። ልብስ ከሆነ ብርድ ልብስ ሊሆን አይችልም። «ልብስ» ምንድን ነው ለሚለው፣ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ1893 በአርኖልድ መዝገብ የሰጠው ትርጉም እስከ ዛሬ ይሠራል፦ ሰው በተለምዶ የሚለብሰው ነገር ሁሉ። ጉምሩክ ዕቃውን ከካህናትና ከተመራቂዎች ካባ ጋር አመሳሰለው። ፍርድ ቤቱ ግን ካባ ከፊት ተከፍቶ የሚለበስ እንጂ ከኋላ የሚከፈት አይደለም፣ እጅጌ መኖሩም ብቻውን ልብስ አያደርገውም አለ፤ ማሸጊያው ላይ ሰዎች ሶፋ ላይ ተቀምጠው ሲሸፈኑበት መታየታቸውንም መዘነ፤ አስመጪውም አሸነፈ።

ማሸጊያው መመዘኑ የአገልግሎትን ጥያቄ ያስነሳል። ልምድ ያላቸው ጠበቆች እንኳ የሚሳሳቱት እዚህ ላይ ነው። የአውሮፓ ኅብረት ፍርድ ቤት መርሕ ይህ ነው፦ ወሳኙ መለኪያ የዕቃው ተጨባጭ ባሕርይና መገለጫ ነው፤ የታሰበለት አገልግሎት ሊመዘን የሚችለው ከዕቃው አካል ላይ ሊነበብ ሲችል ብቻ ነው። በ1994 በኔከርማን መዝገብ ፒጃማ ሌላ ቦታ ፈጽሞ የማይለበስ መሆን የለበትም፣ በዋናነት አልጋ ላይ የሚለበስ መሆኑ ይበቃል ተባለ፤ በ1997 በዊነር መዝገብ ደግሞ የሌሊት ቀሚስ ላይ ይኸው አስተሳሰብ ተደገመ። ስለዚህ «ደንበኞቼ እንዲህ ይጠቀሙበታል» ከማለት «የጀርባው ክፍተት፣ የማያያዣ አለመኖርና ከሰው ቁመት የተረፈው ርዝመት ተቀምጦ ለመሸፈን እንደተሠራ ያሳያሉ» ማለት ይሻላል። ሁለቱ ዓረፍተ ነገሮች አንድ ነገር የሚናገሩ ይመስላሉ፤ ችሎት ፊት ግን ልዩነታቸው ሰፊ ነው።

የአሠራር ጥራት ብቻ ምደባን ሊለውጥ እንደሚችል ደግሞ የማስመሰያ አልባሳት አስመጪው የሩቢስ ሁለት መዝገቦች ያሳያሉ። በ2003 የአሜሪካ ፌዴራል ይግባኝ ሰሚ ፍርድ ቤት ለሃሎዊን የሚለበሱ ስስና ቶሎ የሚበላሹ የማስመሰያ አልባሳትን የበዓል ዕቃ ናቸው ብሎ ወደ ምዕራፍ 95 ላካቸው። በ2019 ያው ፍርድ ቤት የገና አባት አልባስ ሲቀርብለት፣ በጥንቃቄ የተሰፋና ደጋግሞ ሊለበስ የሚችል ስለነበር ጨርቃጨርቅ የማስመሰያ ልብስን ከምዕራፍ 95 የሚያስወጣው ማስታወሻ ይመለከተዋል ብሎ ጃኬቱንና ሱሪውን ወደ ልብስ መለሳቸው። ውጤቶቹን ልቀበል እችላለሁ፤ ነገር ግን «ስስ» እና «በደንብ የተሠራ» የሚሉት ቃላት በታሪፉ ውስጥ የሉም፤ አስመጪ ዕቃው ከመስመሩ በየትኛው ወገን እንደሚወድቅ አስቀድሞ ማወቅ መቻል ነበረበት ብዬ አምናለሁ።

የደንቦቹን ቅደም ተከተል በተመለከተ የካናዳ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ2016 በኢግሉ ቪክስኪ መዝገብ የሰጠው ውሳኔ ሊነበብ የሚገባው ነው። ዕቃው ከጨርቅና ከፕላስቲክ የተሠራ የበረዶ ሆኪ በረኛ ጓንት ነበር፤ አስመጪው ፕላስቲክ ነው አለ፣ ጉምሩክ የጨርቅ ጓንት አለ። የንግድ ልዩ ፍርድ ቤቱ ለጉምሩክ ወሰነ፤ ይግባኝ ሰሚው ሻረው፤ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ መልሶ አጸናው። የብዙኃኑ ዳኞች ሐሳብ ደንቦቹ እንደ ደረጃ የሚወረዱ ናቸው የሚል ነው፤ የመጀመሪያው ሳይሠራ ወደ ሁለተኛውና ወደ ሦስተኛው መዝለል አይቻልም። ይህም ማለት የብዙዎች ተወዳጅ ክርክር የሆነው «የዕቃው ዋና ባሕርይ» የሚነሳው ከአንድ በላይ አንቀጽ ዕቃውን በእኩል ሊይዘው ሲችል ብቻ ነው። ያም ካልለየው የሚሠራው በቁጥር ተራ የመጨረሻው አንቀጽ ነው።

ይህ የመጨረሻ ደንብ አንድ የቆየ ተስፋን አጥብቧል። በ1887 በሃርትራንፍት መዝገብ የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ቀረጥ በአጠራጣሪ ትርጉም አይጣልም፣ ጥርጣሬ ለአስመጪው ይተረጎማል ብሎ ነበር፤ ጠበቆች ዛሬም ይጠቅሱታል። ነገር ግን ታሪፉ ራሱ ለእኩል ክርክር መፍቻ ካስቀመጠ በኋላ፣ መፍቻው ወደ ከፍተኛው ቀረጥ ቢመራም እንኳ፣ ለጥርጣሬ የሚቀረው ቦታ ትንሽ ነው። ክርክርዎን በዚህ ላይ አይመሥርቱ።

የዓለም የጉምሩክ ድርጅት የማብራሪያ ጽሑፎች በአብዛኛው አስገዳጅ ባይሆኑም ዳኞች በጣም ያከብሯቸዋል፤ በካናዳ እንዲያውም ሕጉ እንዲታዩ ያዛል። የጉምሩክ መሥሪያ ቤቱ የራሱ አስተያየት ክብደት ግን ከአገር አገር ይለያል። በአሜሪካ በ2001 በሚድ መዝገብ፣ የምደባ ውሳኔዎች ተቀባይነት የሚኖራቸው ባላቸው የማሳመን ኃይል ልክ እንደሆነ ተወስኗል።

ከዚህ በመነሳት ቢያደርጉ የምመክረውን ልናገር። የማስረዳት ሸክሙ በተለምዶ የአስመጪው ነው፤ ፍርድ ቤቱ ከሁለታችሁም የተለየ ሦስተኛ ቁጥር ሊመርጥ እንደሚችልም አይዘንጉ። የጨርቁን መቶኛ ገለልተኛ ላብራቶሪ ካረጋገጠው ልዩነቱን ከፍለው ይውጡ፤ ደካማውን ክርክር ከጠንካራው ጋር አንድ መዝገብ ላይ ማስገባት ጠንካራውን ይጎዳል። በብርድ ልብሱ ላይ የቅሬታ ጊዜው ውሳኔው ከደረሰዎት ቀን ጀምሮ እየቆጠረ ስለሆነ አቤቱታዎን በጽሑፍ ያስገቡ፤ በውስጡም ስለ ደንበኞችዎ ፍላጎት ሳይሆን ስለ ዕቃው አካል ይጻፉ። ሰው ለብሶት ሲቆም ጀርባው እንዴት እንደሚከፈት፣ ሲራመድ ጫፉ ወለል ላይ እንዴት እንደሚጎተት፣ ሲቀመጥ ግን እግሩን እንዴት እንደሚሸፍን ዳኛው በዓይኑ ማየት አለበት። ፎቶ አይበቃም። ከገባው ዕቃ ላይ አንዱን፣ ማሸጊያው ሳይከፈት፣ ለችሎቱ ያስቀምጡ።